የበየድኋት ጀልባ

አንድ ፈረንጅ አሠልጣኝ ለጀልባ መጠገኛችን ያመጣልን የብየዳ ሽቦ ጉድ ነበር። ሆዱ ውስጥ ዱቄት አለ፤ ዱቄቱ ሲነድ በሚወጣው ጭስ ብየዳው ከአየር ይጠበቃል። የጋዝ ሲሊንደር አይሻ፣ የጣና ነፋስ አይበግረው! ዕድሜዬን በድሮው የብየዳ ዘንግ፣ በኤሌክትሮድ፣ የፈጀሁት እኔ፣ በአንድ ሳምንት ሥልጠና ዐዋቂ ነኝ ብዬ ተኮፈስሁ። የአንዲት የመንገደኛ ጀልባ ሆድ ላይ አዲስ ላሜራ በየድሁ፤ ቀለም ተቀባች፣ ውኃ ላይ ወረደች፣ ተጨበጨበልኝ።

ስሕተቴን ያወቅሁት በነጋታው ሌላ ሥራ ስጀምር ነው። ለዚህ ሽቦ የማሽኑ ሁለት ገመዶች ቦታ መለዋወጥ ነበረባቸው። እኔ ለካ በኤሌክትሮዱ ልማድ እንደነበሩ ትቻቸዋለሁ። አንድ ቁራጭ ብረት በዚያው አኳኋን በይጄ በመዶሻ ብመታው እንደ ደረቅ ዳቦ ተፈረካከሰ፤ ላዩ ያማረ፣ ውስጡ ቀዳዳ በቀዳዳ።

ጀልባዋ በማግስቱ ጧት ለኪዳነ ምሕረት ንግሥ ሰው ጭና ወደ ዘጌ ልትሄድ ነው። ልናገር? በዚያ በአብዮቱ ዘመን ተሳሳትሁ የሚባል ነገር የለም፤ ያለው አሻጥር ነው። ሞተር ያቃጠለ ባልደረባችን አሻጥረኛ ተብሎ ሲወሰድ በዓይኔ አይቻለሁ። ጓድ ኃላፊያችን ቢሮ በር ድረስ ሁለት ጊዜ ሄድሁ፤ ሁለት ጊዜ ተመለስሁ። ሆድ ይፍጀው ብዬ ቤቴ ገባሁ።

ሚስቴ ደግሞ ከጎረቤታችን ከእትዬ ጋር ልትሳፈር ተሰናድታለች። ጧት ልትወጣ ስትል "ሆዴን! ሆዴን!" እያልሁ ተንከባለልሁ። ምን ላድርግ!

"በሞትሁት! ትቼህማ አልሄድም" ብላ ነጠላዋን አስቀመጠች።

እትዬ ልጅ ያልወለዱ ባልቴት ናቸው፤ እኔን ልጄ ነው የሚሉኝ። በበሩ ብቅ ብለው "አይዞህ፣ እኔ እጸልይልሃለሁ" አሉኝና ሄዱ። "አይሂዱ" ማለት አቃተኝ። አንዲት ቃል እኮ ናት!

ከቤታችን ሐይቁ አይታይም፤ በጆሮዬ ስጠብቅ ዋልሁ። ደጅ ሰው ድምፁን ከፍ ባደረገ ቁጥር ኡኡታ ይመስለኛል። ላብ አጠመቀኝ፤ ሚስቴ ሕመሙ የጠናብኝ መስሏት ጤና አዳም ትቀጠቅጣለች። ለተሳፋሪዎቹ ብቻ ፈርቼ ቢሆን ደግ ነበር። ቢሰምጡ ማን በየዳት ይባላል ብዬ ነው ይበልጥ የተንቀጠቀጥሁት።

ወደ ዐሥር ሰዓት ላይ እትዬ ከተፍ አሉ። ቀሚሳቸው እስከ ባታቸው ረጥቧል።

"ምን ያለች ጀልባ ናት እቴ! ከሆዷ ውኃ በጣሳ እየቀዳን ስናፈስስ ዋልን። ለጥቂት ተረፍን!" ብለው ሳቁ። ከጉያቸውም ጠርሙስ አወጡ። "ጠበልህን ግን አላፈሰስሁትም፤ ታቅፌው ነው የመጣሁ።"

ሚስቴ የረጠበውን ቀሚስ አየች፣ ከዚያ እኔን አየች። "አንተ የበየድኻት አይደለችም?" አለች ቀስ ብላ።

"ናት" አልሁ።

"ታውቅ ነበር?"

ራሴን በአዎንታ ነቀነቅሁ። የእትዬ ሳቅ ቆመ።

"እንግዲያው ሆድህን ያመመህ ለሚስትህ ብቻ ነዋ!" አሉ።

ጠርሙሱን ከራስጌዬ አስቀምጠውልኝ ወጡ።