ሲቲና የቆረጠችው ትዕይንት

ሲቲና ለንደን ተወልዳ ያደገች የወሎ ሰዎች ልጅ ናት። በሃያ ዓመቷ ቴሌቪዥን ጣቢያ ገብታ ኬብል በመጠቅለል ጀመረች፤ ቀስ በቀስ ኤዲተር፣ ከዚያ ዳይሬክተር ሆነች። የሠራችው የሆስፒታል ድራማ እንግሊዝ አገር ስም ሲያወጣላት አንድ የሎስ አንጀለስ ፊልም ኩባንያ ጠራት። እዚያው ካልቨር ሲቲ ቤት ተከራየችና ሐበሻ ስለሚበዛበት የፌርፋክስ ሰፈር ሠራተኞች ዘጋቢ ፊልም መሥራት ያዘች፤ ፕሮዲውሰሯም ዳይሬክተሯም እሷው።

ከሁሉም ልብ የሚነካው የፓርኪንግ ሠራተኛው የጋሼ ወንድይፍራው ታሪክ ነበር። አገር ቤት ከእስር አምልጠው ማን ደብቆ ድንበር እንዳሻገራቸው ካሜራ ፊት በስም ጠርተው ተናገሩ። የፈቃዱን ወረቀት ሲፈርሙ ግን እጃቸው ዘገየ። ሲቲና ይህን አይታ፣ «ፊልሙ ሳያልቅ ሐሳባቸውን ከቀየሩ ታሪካቸው ከፊልሙ ይወጣል» ብላ በእጇ ጽፋ ፈረመችበት። ለኩባንያው አልነገረችም።

ፊልሙ ለኃላፊዎቹ ሊታይ ሁለት ቀን ሲቀረው ስልኳ ጮኸ።

«ልጄ፣ ያንን ነገር አውጪልኝ» አሉ ጋሼ ወንድይፍራው። «ያሻገረኝ ሰው እዚያው ነው ያለው። ትናንት ሰዎች ቤቱ መጥተው ስለኔ ጠይቀውታል።»

«ጋሼ፣ ስሙን ብቻ ካት ባደርገውስ?»

«መንደሩንም መንገዱንም ተናግሬያለሁ። ያውቁታል።»

ያ ክፍል ከሌለ ፊልሙ ባዶ ነው። ፊልሙ ካልተወደደ ደግሞ ቃል የተገባላት ተከታታይ ድራማ ቀረ። ከሰዓቱን ሙሉ ስክሪኑ ላይ አፈጠጠች። በመጨረሻ የሳቸውን ታሪክ፣ አሥራ አንዱን ደቂቃ በሙሉ አወጣችው።

ፊልሙ ታይቶ መብራት ሲበራ የኩባንያው ኃላፊ ወደ እሷ ዞረች።

«የፓርኪንጉ ሰውዬ የት አለ?»

«አወጣሁት።»

«ፈርሞ የለም እንዴ!»

ሲቲና ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ አኖረች። ኃላፊዋ አንብባ ስትጨርስ ፊቷ ቀላ።

«ለምን ደበቅሽን?»

«መናገር ነበረብኝ፣ ጥፋቱ የኔ ነው። ለሳቸው ግን ቃል ገብቻለሁ።»

ጠበቃ እስኪመጣ ኮሪደር ላይ አርባ ደቂቃ ቆመች። ጠበቃው አንብቦ፣ «በሰውየው ታሪክ ልትጠቀሙ አትችሉም» አለ። ፊልሙ አጥሮ ወጣ፤ ተከታታዩ ድራማ ለሌላ ዳይሬክተር ተሰጠ።

ጋሼ ወንድይፍራውን ያሻገራቸው ሰው ስልክ ግን ዝግ ሆነ። አንድ ሳምንት፣ ሁለት፣ ሦስት። ሲቲና በየቀኑ ፓርኪንጉ ጋ መኪናዋን ታቆማለች፤ ጋሼ ወንድይፍራው ከሩቁ ራሳቸውን ይነቀንቃሉ፤ ምንም የለም። በአራተኛው ሳምንት መኪናው ሳይቆም በሩን ያዙ።

«ደወለ!» አሉ። «አምልጦ ናይሮቢ፣ የገዛ ልጁ ቤት በሰላም ገብቷል።»

ሲቲና ሞተሩን አጠፋችና መሪው ላይ ተደፍታ አለቀሰች።