ሎቪና የገለበጠችው ክዳን

ሎቪና ክኒክል የሸራ ሰፊ ልጅ ናት። እዚሁ ሉነንበርግ፣ ወደቡ አፍ ላይ፣ አባቷ የመርከብ ሸራ ሲሰፋ እሷ ቁርጥራጩን እየለቀመች፣ መርከብ ከተቀባበት የተረፈ ቀለም እየለመነች ትስል ነበር። ሰው ይስቅባታል። «ይቺ ልጅ ዓሣውን ከመብላት መሳሉን መረጠች!» ይሏታል። እሷ ግን ወይ ፍንክች!

አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሲሞላት ሚስተር ሃርግሬቭ የሚባል ሠዓሊ ከትልቁ ከተማ ከሃሊፋክስ መጥቶ የሥዕል ትምህርት ቤት ከፈተ። ጺሙን በሰም የሚያሾል፣ ባሕሩን በመስኮት ብቻ የሚያይ ሰውዬ ነው፤ አንድ ቀን እንኳ ጀልባ ላይ አልወጣም። ሎቪና ቤቱን እየጠረገች፣ ቀለም እየፈጨችለት ተማረች። እውነቱን እንናገር ከተባለ በደንብ አስተምሯታል። በሁለተኛው ዓመት ግን በለጠችው። ጉዱ የመጣው እዚህ ላይ ነው!

ሴቶች ዓሣ ሲያሰጡ የሚያሳየውን የእሷን ሥዕል ወሰደና የራሱን ስም ጽፎበት ሃሊፋክስ ኤግዚቢሽን ላይ አቀረበው። ሜዳሊያ ተሸለመ። እሷ ጋዜጣ ላይ አይታ እየሮጠች ሄደች።

«ሚስተር ሃርግሬቭ፣ ያ ሥዕል እኮ የኔ ነው!»

«ታዲያ ለማን ልትነግሪ ነው?» አላት ሻዩን እያማሰለ። «ዓሣ ዓሣ እየሸተትሽ ሠዓሊ ነኝ ብትዪ ማን ያምንሻል? ይልቅ ብሩሹን እጠቢ።»

አጠበች። እንባ የለ፣ ጩኸት የለ። ቂሟን እንደ ጥቅል ጎመን ከትፋ፣ ጨው ነስንሳ፣ በርሜል ውስጥ ድንጋይ ጭናበት እንዲኮመጥጥ ተወችው። እሁድ እሁድ ቤተ ክርስቲያን ትሄዳለች፤ ግን ቂም ይዞ ጸሎት ምን ሊረባ! ሦስት ዓመት ሙሉ እሷ ስትስል እሱ ሲፈርም ኖሩ።

ከዚያ ካፒቴን ኤልካና ኮርከም አዲስ መርከብ አሠራና የመርከቧን ሥዕል አዘዘ። መርከበኞቹ ወደ ባሕር ከመውጣታቸው በፊት ተሰብስበው ሊያዩት ነው። ሃርግሬቭ እንደ ልማዱ ሥራውን ለሎቪና ጣለላት። ገመዱን፣ ሸራውን፣ ማዕበሉን፣ አንድ ሳታስቀር ሳለች። የመርከቧ ወለል ላይ ያለውን የጭነት ጉድጓድ ክዳን ግን ገልብጣ፣ ሆዱን ወደ ሰማይ አድርጋ ሳለችው! እኛ ጋ ክዳን ከተገለበጠ መርከቧም ትገለበጣለች፤ ይህን የማያውቅ ሕፃን የለም። ሃርግሬቭ አየው፣ «ግሩም!» አለና ፈረመ።

ቅዳሜ ጠዋት የካፒቴኑ መጋዘን በሰው ጢም አለ። ጨርቁ ተነሳ። መጀመሪያ ጭብጨባ ሆነ።

«ኧረ ክዳኑን እዩት!» አለ አንድ መርከበኛ። «እኔ በዚች መርከብ አልሄድም!»

«እኔም! ሚስቴን መበለት ላድርጋት?»

የካፒቴኑ ፊት እንደ በርበሬ ቀላ። «አንተ ሰውዬ፣ ሃያ ሁለት ነፍስ ልትፈጅ ነው? ይሄን የሳልከው አንተ ነህ?»

ሁለት ጎረምሶች ሃርግሬቭን ኮሌታውን አነቁት። ባሕሩ ከበሩ አምስት እርምጃ ነው፤ ውሃው ደግሞ ገና በረዶው አልለቀቀውም።

«እኔ አይደለሁም!» ብሎ ጮኸ። «እሷ ናት! ሎቪና ናት! ሁሉንም የምትስለው እሷ ናት፣ በእግዚአብሔር!»

ይቺን ነው ሦስት ዓመት የጠበቀችው።

«ከኋላ ያሉት አልሰሙም፤ ጮክ ይበሉ እንጂ» አለችው።

ጮክ ብሎ ደገመው።

«አንቺስ እብድ ነሽ?» አላት ካፒቴኑ። «በሰው ነፍስ ይቀለዳል?»

«ካፒቴን፣ ቀለሙ ገና እርጥብ ነው። አሁኑኑ አቃናዋለሁ።»

ተንበረከከች፤ በቢላዋ ፋቀች፣ በብሩሽ መለሰች። ሰው ተንጠራርቶ አየ። ክዳኑ ተቃና። ከዚያ የሃርግሬቭን ስም ፍቃ ሙሉ ስሟን ጻፈችበት።

ከዚያ በኋላ አርባ ዓመት በስሟ ሥዕል ሳለች፤ ሃሊፋክስም ሞንትሪያልም ሥዕሏ ተሰቅሏል። አንዳንድ ሽማግሌዎች ግን «ክዳን ገልባጭ» ብለው እስከ ዕለተ ሞታቸው መንገድ ላይ ሲያገኟት ዞር ይሉ ነበር። እሷ እቴ፣ ምን ተዳዋ!

ያን ቀን ካፒቴኑ ሃርግሬቭን፣ «ይቺ ልጅ በቃኝ እስክትል አንተ ከዚች ከተማ አትወጣም» አለው። ሎቪና ወንበር ስባ አስቀመጠችው።

«ጻፍ» አለችው። አንቱታው እዚያው ቀረ። «ሜዳሊያ ያገኘው ሥዕል የሎቪና ክኒክል ነው፤ ሰርቄያት ነው፣ በል።»

«ሎቪና፣ እባክሽ፣ ሰርቄያት የምትለዋን እንኳ ተይልኝ። ሚስት አለችኝ፣ ልጆች አሉኝ።»

«ጻፍ አልኩህ።»

ጻፈ። ቀለሙ ወረቀቱ ላይ ተንጠባጠበ። ወረቀቱን አንስታ ወደ ብርሃኑ ያዘችው። አላዘነችለትም።

«አይነበብም» አለችው። «በሌላ ወረቀት ድገመው።»