አባባ ቼናይ ላይ ጠፍተውብኝ ነበር

ዛሬ ከሰዓት አባቴን ቼናይ መሃል አጣኋቸው።

ከሆሳዕና ሕንድ ድረስ የመጣነው ለልባቸው ሕክምና ነው። ቀዶ ጥገናው ነገ ጠዋት ነው። ሐኪማቸው "ዛሬ ትንሽ ዘና ይበሉ" ስላለን ከተማዋን ከሚያስጎበኝ ሚኒባስ ጋር ወጣን።

መጀመሪያ ባሕሩ አጠገብ ያለውን የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን አየን። ቀጥለን አንድ ትልቅ የሂንዱ ቤተ መቅደስ ሄደን በር ላይ ጫማችንን አውልቀን ገባን። አስጎብኚያችን ጣራው ላይ ያሉትን ምስሎች ስታሳየን ዞር ብል አባባ የሉም።

ስልክ አልያዙም። ከሀዲይኛና ከአማርኛ ሌላ ቋንቋ አይችሉም። "አባባ!" እያልኩ ግቢውን በባዶ እግሬ ዞርኩት። በሩ ጋ ስደርስ ጫማቸውም የለም።

አስጎብኚዋ "ቤተ ክርስቲያኑን በጣም ወደውት ነበር፤ እዚያ እንሞክር" አለችኝና ባጃጅ ያዝን። (ባጃጁም አነዳዱም ቁርጥ የሆሳዕና!)

ቤተ ክርስቲያኑ ስንደርስ አባባ አንዲት ሕንዳዊት አሮጊት አጠገብ ተንበርክከዋል። ሴትየዋ "ኤርሲኖ፣ ኤርሲኖ" እያለች ስማቸውን ትለማመዳለች።

"አባባ፣ ምን ሆነው ነው? እንዴትስ መጡ?"

"ለባጃጁ ሹፌር የአንገቴን መስቀል አሳየሁት፤ ገባው። ነገ ስሜን ጠርቶ የሚጸልይልኝ የዚህ አገር ሰው ፈልጌ ነው" አሉኝ።

መቆጣት አቃተኝ። አጠገባቸው ተንበረከክሁ።

አሁን አልጋቸው ላይ ጋደም ብለዋል። እኔን ግን ጭንቀቱ አልለቀቀኝም።

ቤተሰብ ለሕክምና ይዛችሁ ሰው አገር የሄዳችሁ፣ የቀዶ ጥገናውን ዋዜማ እንዴት አለፋችሁት? እባካችሁ ጻፉልኝ። ለምትጸልዩ ደግሞ፣ ስማቸው ኤርሲኖ ነው።