ጥርሳቸውን አውልቀው ብሉዝ የነፉት ሚስተር ክላረንስ

ዛሬ ሥራ ቦታ አንድ የሰባ ስምንት ዓመት ሽማግሌ አዲሱን ጥርሳቸውን አውልቀው ኪሳቸው ከተቱና ሁላችንንም አስለቀሱን።

ሲልቨር ስፕሪንግ ጥርስ ሐኪም ቤት እንደምሠራ ታውቃላችሁ። ሚስተር ክላረንስ የብሉዝ፣ የጥቁር አሜሪካውያን የትካዜ ዘፈን፣ ዘፋኝ ናቸው፤ ዕድሜ ልካቸውን በየመጠጥ ቤቱ ሃርሞኒካ ሲነፉ ኖረዋል። ዛሬ ሰው ሠራሽ ጥርስ ገጠምንላቸው፤ ቅዳሜ እዚሁ አጠገባችን ያለችው አሌክሳንድሪያ ሾው አላቸው።

መስታወት ብሰጣቸው ገፋ አድርገውት ሃርሞኒካቸውን አወጡ። ሲነፉት ጥርሱ እየተጋጨ እንደታፈነ አፍንጫ ሲር ሲር አለ።

ፊታቸው ጭልም አለ። «ልጄ፣ ይሄ ለመብላት እንጂ ለመጫወት አይሆንም» አሉኝ።

እኔም አፌ አያርፍ፣ «ታዲያ ያውልቁታ!» አልኳቸው። ዶክተሩ በዓይኑ ሊበላኝ ደረሰ።

አወለቁት። በባዶ ድዳቸው የነፉትን ምን ብዬ ልንገራችሁ! ቀጥለውም ጥላቸው ስለሄደች ሚስታቸው ዘፈኑ።

ተራ ሲጠብቁ የነበሩት እትዬ አስካለ ድምፁን ሰምተው በር ላይ ቆሙ። እንባቸውን እየጠረጉ «ምን ሆነው ነው?» አሉኝ።

«ሚስታቸው ጥላቸው ሄዳ ነው።»

«ጥርሳቸው ሳይረግፍ ነው ከረገፈ በኋላ?»

ጥያቄውን ለሽማግሌው በእንግሊዝኛ ተረጎምኩላቸው። ሚስተር ክላረንስ ሳል እስኪይዛቸው ሳቁና «ሳይረግፍ ነው። ያኔ ጥርስም ውሸትም ሞልቶኝ ነበር» አሉ።

ቅዳሜ ያለ ጥርስ ሊጫወቱ ወስነዋል። እትዬ አስካለም ራይድ፣ በመኪና የሚያደርሰኝ ሰው፣ ካገኘሁ እመጣለሁ ብለዋል።

እኔን ግን ዶክተሩ «ነገ ጠዋት ቢሮ እፈልግሻለሁ» ብሎኛል። እስቲ እናንተም በአፋችሁ ምክንያት ከሥራ ልትባረሩ የደረሳችሁበትን ቀን ጻፉልኝና ልጽናና።