ከእናኑ መቃብር አጠገብ ያልቆመው ታወር

ከጎንደር የተነሣሁት ለወንድሜ ለአያ ሙላው ችሎት ነው። ከደባርቅ ወጣ ብሎ ባለ ደጋ ቀበሌ የሚኖር ገበሬ ነው። የማሳውን ጥግ ለአንድ ድርጅት ለስልክ ታወር መትከያ ስላከራየ የሰበካው ሰዎች «ሁከት ይወገድልን» ብለው እሱንም ድርጅቱንም ከሰሱ። ከከሳሾቹ ፊት የቆሙት የገዛ አማቱ ቄስ አድማሱ ናቸው።

ወደ ደባርቅ

ሚኒባሱ ሞልቶ እስኪወጣ ረፈደ። ታሪፉ ከበፊቱ እጥፍ ሆኗል፤ ያጉረመረመ ግን አልነበረም። አምባ ጊዮርጊስን ስናልፍ ብርዱ በመስኮቱ ገባ። የወገራ ሜዳ ጉም ለብሷል፤ ገብሱ ዝናብ ተጭኖት አጎንብሷል። ኬላው ላይ ወርደን ተፈተሽን። ዳባት ላይ ሽሮ በልተን ጉዞ ቀጠልን።

አያ ሙላው መናኸሪያው በር ላይ ቆሞ ጠበቀኝ። ከስቷል። እራት ላይ እንጀራውን ሳይነካ ስለ ሚስቱ ስለ እናኑ ነገረኝ። ምጥ ሲጠናባት ቤታቸው ኔትወርክ ስለሌለ አምቡላንስ ለመጥራት ተራራው ላይ ወጣ። ደውሎ ሲመለስ ደም ፈሷት አልቃ ነበር፤ ሕፃኑም አልተረፈም።

«ታወር ቢኖር ኖሮ እጇን ይዤ እደውል ነበር» አለኝ። «ሰዎቹ መሬት ፈልገው ሲመጡ የኔን ውሰዱ አልኳቸው። ሌላ ምክንያት የለኝም፣ እቴ።»

ያ ማሳ ግን ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር ጋር ይዋሰናል። እናኑ የተቀበረችው ከአጥሩ ወዲያ ማዶ ነው።

ችሎቱ

አዳራሹ ጋቢ በለበሱ የሰበካው ሰዎች ተሞልቷል። ዳኛዋ ቄስ አድማሱን ሲጠይቋቸው በቀስታ መለሱ።

«ስልኩን አልጠላነውም። ልጄ ካረፈችበት አጥር ሥር ጄኔሬተር እያጓራ ግን ፍትሐት እንዴት አደርሳለሁ? ሌላ ቦታ ይተከል አልን፤ የሰማን የለም።»

የድርጅቱ ጠበቃ ለማሽን የሚሆን መንገድ ያለው እዚያ ብቻ ነው ብሎ ተከራከረ። ዳኛዋ ቦታው ሲለካ ከፊሉ የቤተ ክርስቲያኑ ይዞታ ሆኖ መገኘቱን ገልጸው ግንባታው እንዲቆም ወሰኑ። ያጨበጨበ የለም።

በረንዳው ላይ ጠበቃውን ይግባኝ ትላላችሁ ወይ ብዬ ጠየቅሁት። እንደማይሉ፣ ታወሩም ወደ ሌላ ወረዳ እንደሚዛወር ነገረኝ። እዚያው ቀበሌ ሌላ ቦታ አይፈለግም ወይ ስለው ማሽን የሚያስገባ ሌላ መንገድ የለም ብሎኝ ቦርሳውን አንሥቶ ሄደ። ቄስ አድማሱ አጠገባችን ቆመው ሰምተዋል። የረታ ሰው ፊት አልነበራቸውም።

ቀበሌው

መንገዱ አንድ ስለሆነ ሦስታችንም አብረን ሄድን። እኔ መሐል ሆኜ ስለ አዝመራው ብጠይቅም ሁለቱም ለእኔ መለሱልኝ እንጂ እርስ በርስ አልተነጋገሩም። ማሳው ላይ ለታወሩ መሠረት የተቆፈረው ጉድጓድ ውኃ አቁሯል፤ የተከመረው ብረት ዝጓል። ቄስ አድማሱ በልጃቸው መቃብር ላይ ጸልየው ሲያበቁ ወንድሜን ሳያዩት ተናገሩ።

«እኔ ከመቃብሯ ዘወር ይበል ነው ያልሁት። ካገር ይጥፋ አላልሁም።»

«እኔስ ምን አልሁ፣ አባ?» አለ አያ ሙላው።

ቄስ አድማሱ መስቀላቸውን አሳልመውኝ ወደ ቤታቸው አዘገሙ። ወንድሜ ጉድጓዱ አፋፍ ላይ ቁጭ ብሎ እስኪመሽ አልተነሣም።

ጎንደር

በማግሥቱ ስንሰነባበት በሰላም መግባቴን እንዳሳውቀው አደራ አለኝ። ፒያሳ እንደወረድሁ ደወልሁለት፤ አልገባም። ቤቴ ሆኜም ሞከርሁ፤ አሁንም እንቢ አለ።

ስሄድ ክርክሩ ስልክ በሚፈልግና በማይፈልግ ሰው መካከል መስሎኝ ነበር። ያየሁት ግን ለአንዲት ሴት የሚያለቅሱ ሁለት ሰዎችን ነው፤ ፍርዱ አንዳቸውንም አላጽናናም።

ጠዋት ወደ መናኸሪያ ወርጄ ደባርቅ የሚሄድ ሾፌር ፈለግሁ። ለገበያ የሚወጣ የቀበሌውን ሰው ካገኘ ለአያ ሙላው እንዲያደርስለት «እኅትህ በሰላም ገብታለች» ብዬ ላክሁበት።