የደምበል አቦ ሸማኔ ግልገሎች

ባለፈው ሳምንት ጅግጅጋ ውስጥ ለተማሪዎች የዱር እንስሳት ፊልሜን አሳየሁ። ሲያልቅ አንዲት ልጅ «የት ነው የተቀረጸው?» ብላ ጠየቀችኝ። «አልናገርም» አልኳት። የቀለድኩ መስሏቸው ሳቁ። እኔ ግን አልቀለድኩም።

የመጀመሪያ ፊልሜን ስቀርጽ ሃያ ሦስት ዓመቴ ነበር፤ ካሜራዬ አዲስ፣ ስሜን የሚያውቅ የለም። አባቴ ጅግጅጋ ሱቅ ስለነበረው ሶማሊኛን ከደንበኞች ጋር ስጨቃጨቅ ነው የተማርኩት። ደምበል አካባቢ አዴር ኑር የሚባሉ ግመል አርቢ አወቅሁ። አዴር አጎት እንደማለት ነው። ዝናቡ ገና ማቆሙ ነበር፤ አቧራው ተኝቶ ግራሩ አብቧል። ጭስ ጭስ የሚል የግመል ወተት አጠጥተውኝ፣ ከአንዲት አቦ ሸማኔና ከሦስት ግልገሎቿ ዋሻ ፊት ለፊት በደረቴ አስተኙኝ። ፍየሎቻቸውን በልታባቸዋለች፤ ግን ቦታዋን ለማንም አልተናገሩም።

«ኮረብታውን እንዳታሳይ» አሉኝ። «እሱን ያየ መንገዱን ያውቀዋል።»

«እሺ አዴር፣ አላሳይም።»

ሦስት ቀን ቀረጽኩ። ከሁሉ ያማረው ግልገሎቹ የእናታቸውን ጅራት ሲያሳድዱ ያነሳሁት ነበር፤ ከኋላቸው ጫፉ ለሁለት የተሰነጠቀው ኮረብታ ቁልጭ ብሎ ይታያል። ቆርጬ ላወጣው እችል ነበር። ውበቱ አሳሳኝ። እንዳለ ኢንተርኔት ላይ ለቀቅሁት፤ የማላውቃቸው ሰዎች ሁሉ አደነቁኝ።

በሳምንቱ ለአዴር ቴምርና ሻይ ቅጠል ይዤ ተመለስኩ። ዋሻው ባዶ ነበር። ደጃፉ ላይ የሞተር ብስክሌት ጎማ አሻራ አለ። እናትየው እንደ ወፍ በቀጭን ድምፅ እየተጣራች ቁጥቋጦውን ትዞራለች። ግልገል ከድንበር ማዶ እንደሚሸጥ ሁሉም ያውቃል።

የመንደሩ ሽማግሌዎች ዛፍ ስር ተቀመጡ። አንደኛው አዴር ኑርን «ቦታውን ከአንተ ሌላ ማን ያውቅ ነበር?» አሏቸው።

አዴር ኑር እንዳልሸጡ ማሉ። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። «ይህ ልጅም ያውቃል። ግን ታማኝ ነው፣ ለማንም አልነገረም። አይደል?»

«አልነገርኩም» አልኩ።

በአፌስ ለማን ነገርኩ! በዚያው ቀን ቪዲዮውን አጠፋሁት። ከዚያ ወዲያ አዴርን የውሃ ጉድጓዱ ዘንድ ሰላም የሚላቸው ጠፋ አሉ። ግመሎቻቸውን ለወንድማቸው ትተው ደገሀቡር ልጃቸው ዘንድ ገቡ።

አምና እዚያ ሄድኩ። ዓይናቸው ደክሟል፤ በድምፄ ለዩኝ። ሁሉንም ነገርኳቸው።

«ለእኔ መንገርህ ምን ያደርግልኛል?» አሉ። «እኔማ እንዳልሸጥኩ አውቃለሁ። ለደምበል ሰዎች ንገራቸው።»

«እሺ አዴር» አልኳቸው፤ እንደገና።

እስካሁን ደምበል አልሄድኩም። ሥራ በዛ፣ መንገዱ ከፋ እያልኩ ዓመት ሞላኝ። ይህን በአማርኛ መጻፉ ቀሎኛል፤ እነዚያ ሽማግሌዎች አያነቡትምና። የቀረኝ ፊታቸው ቆሞ በሶማሊኛ መናገር ነው፤ አዴር ኑር በሕይወት ሳሉ።