የአከራይዋ ለቅሶ

አክስቴ በወጣትነቷ ድሬዳዋ መድረክ ላይ ትዘፍን ነበር። ድምጿ ሲደክም ዘፈኑን ተወችና በቴሌቪዥን ድራማ አፈኛ አከራይ ሆና መሥራት ጀመረች። ያቺን ክፉ ሴትዮ ሰፈሩ በሙሉ ወደዳት።

አምና አከራይዋ ድራማው ላይ ሞተች። በማግስቱ ጠዋት፣ ሙቀቱ ሳይበረታ፣ ጎረቤቶቻችን ለቅሶ ሊደርሱ ግቢያችን ገቡ። ከፊት የመጣችው ሶማሌዋ ባለሱቅ ናት፤ ሻይ በፔርሙዝ ይዛለች።

እኔ ተናደድኩ። «ሴትዮዋ እኮ ጓዳ ቁጭ ብላ ፀጉሯን እያበጠረች ነው» አልኳቸው።

«አቦ ተዪን፣ መች አጣነው» አለችኝ ባለሱቋ። «በየሳምንቱ ቤታችን ስትገባ የኖረች ሴት ሞታ ዝም እንበል?»

አክስቴ ይህን ሰምታ ጥቁር ሻሽ አሰረችና ወጣች። መሃላቸው ተቀምጣ የሟቿን ክፋት በአከራይዋ ድምፅ እያወጋች እስኪያነቡ አሳቀቻቸው። እኔም ንዴቴን ረስቼ ሳቅሁ።

ሲሄዱ ብርጭቆ እየሰበሰብኩ «ለራስሽ ለቅሶ ተቀምጠሽ እንዲህ ደስ ይልሻል?» አልኳት።

ሻሿን ቀስ ብላ ፈታች።

«ዘፈን ያቆምኩ ጊዜ» አለችኝ፣ «ማንም አልመጣም።»